ጨዋታው እስኪያልፍ

ከአሜሪካ ከተመለስኩ ወዲህ አዳማ ባለው የትምህርት ቤታችን መምህራን ክፍል ሻይ በቀረበ ቁጥር አንድ ጥያቄ ይነሳል። «ሰናይት፣ እስኪ ጨዋታውን ንገሪን!» ይሉኛል። የስፖርት አስተማሪ ነኝ፤ የአሜሪካን የሴቶች ፕሮፌሽናል ቅርጫት ኳስ የኮከቦች ጨዋታ በዓይኑ አይቶ የመጣ ሰው ደግሞ በሰፈራችን ከእኔ ሌላ የለም። ስለዚህ ቢጠይቁኝ አልፈርድባቸውም። ግን ጨዋታውን ልናገር አፌን ስከፍት ቀድሞ የሚመጣብኝ መንገዱ ነው። ሁሉንም በተራ ልጻፈው። የምትሄዱ ካላችሁ ስለ አዳራሹ ጥቂት ምክር ታገኛላችሁ፤ የማትሄዱም ቁጭ ባላችሁበት አብራችሁኝ ትጓዛላችሁ።

የጋበዘችኝ ምንትዋብ ናት። በወጣትነታችን ለአንድ ክለብ ተጫውተናል፤ እሷ ሰባት ቁጥር፣ ኳስ አከፋፋይ፤ እኔ ደግሞ ቁመቴ ብቻ ታይቶ ቅርጫት ስር የተተከልኩ። አውሮራ፣ ከዴንቨር ጎን ያለችው ከተማ ከገባች ብዙ ዓመቷ ነው፤ የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ትሠራለች። «አንድ ቀን የኮከቦቹን ጨዋታ ጎን ለጎን ተቀምጠን እናያለን» የተባባልነው ገና ማሊያችን ላይ ላቡ ሳይደርቅ ነበር። በ2011 ዓ.ም. ክረምት ጨዋታው ላስ ቬጋስ ሆነ፤ ከእሷ ቤት በመኪና፣ አንድ ሌሊት መንገድ ላይ ታድሮ የሚደረስበት። ቲኬቱን ቆርጣ «ነይ» አለችኝ።

የከበደኝ እናቴን ትቼ መሄዱ ነው። ልቧን ታማ አልጋ ላይ ከዋለች ከርማለች። እህቴ «እኔ አለሁ፣ ሂጂ» ብላ ባትገፋኝ እግሬን አላነሳም ነበር። ልነሳ ስል የምንትዋብን እናት እማማ በለጡን ተሰናበትኳቸው። ጎረቤታችን ናቸው፤ ገበያ በእግራቸው ሄደው በእግራቸው የሚመለሱ ጠንካራ ሴት። የምንትዋብን የድሮ ማሊያ አጥበው፣ ተኩሰው፣ በላስቲክ ጠቅልለው ሰጡኝ። «እዚያው ጨዋታው ላይ ለብሳው ትጩህ በያት» አሉኝ።

ማክሰኞ

ዴንቨር ኤርፖርት የተቀበሉኝ ምንትዋብና እዚያው የተወለደችው ልጇ ቤዛ ናቸው። ምንትዋብ ገና ስታየኝ እልልታዋን ለቀቀችው፤ ሻንጣ የሚጎትተው ሰው ሁሉ ቆሞ አየን። «ማሊያዬን ካላሳየሽኝ ከዚህ አልንቀሳቀስም» ብላ ሻንጣዬ ላይ ተቀመጠች። አውጥቼ ሰጠኋት። አሸተተችውና «የእማዬ ሳሙና» አለች፤ ዓይኗ እንባ አቀረረ።

ከኤርፖርቱ ስንወጣ ሜዳው ላይ አንድ ሰማያዊ ፈረስ በኋላ እግሩ ቆሟል። ፎቅ ያህላል። ዓይኖቹ ቀይ መብራት ናቸው፤ በጠራራ ፀሐይ ይበራሉ።

«ይሄ ደግሞ ምንድነው?» አልኩ።

«ኢትስ ጀስት አርት፣ አክስቴ» አለች ቤዛ። «ኤቭሪባዲ ይጠላዋል።»

እኔም አልወደድኩትም። እስኪሰወር ድረስ ግን በኋላ መስታወት አየሁት።

አውሮራ ሰፊ ናት፤ መንገዷ ላይ ግን ሰው የለም። እኔ ከቤቴ ትምህርት ቤት እስክደርስ ሰላም ስል አፌ ይደክማል። እዚያ ቤቱ ሁሉ አንድ ዓይነት ነው፤ ጋራዡ በራሱ ይከፈታል፣ መኪናውን ይውጣል፣ ይዘጋል። ሰውየው ሲወርድ አታዩትም። «ሰዎቹ የት ሄዱ?» ስላት ምንትዋብ «ሥራ» አለችና ሳቀች። ማታ በቤቱ ዋይፋይ እህቴ ጋ ደወልኩ። «እናታችን ተኝታለች፣ አልቀስቅሳት» አለችኝ። እኔም ደክሞኝ ነበርና ተኛሁ።

ረቡዕ

ለምሳ ኢስት ኮልፋክስ ወሰደችኝ። አስራ አምስት ቁጥር አውቶቡስ የሚመላለስበት ረጅም መንገድ ነው፤ ጎማ ቤት፣ ሞባይል ቤት፣ መሃል መሃል ላይ ደግሞ የእኛ ፊደል። አንድ ትንሽ ምግብ ቤት ገብተን ቋንጣ ፍርፍር አዘዝን። ምንትዋብ «ስልኬን መኪና ውስጥ ረሳሁት» ብላ ወጣች። በመስታወቱ አያታለሁ። ፓርኪንጉ ላይ ሦስት ሽማግሌዎች ተጠጋግተው ቆመዋል፤ ሲያይዋት ወሬያቸውን አቋረጡ። አንደኛውን አንድ ነገር ጠየቀቻቸው። ሰውየው መሬት መሬት አዩ። ምንትዋብ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ከዚያ ሁሉም ዞረው በመስታወቱ ወደ እኔ ተመለከቱ።

ስትመለስ ፊቷ አመድ መስሏል።

«ምን ሆንሽ?»

«ፀሐዩ ነው። ይሄ ከተማ ከፍታው ራስ ያዞራል።»

እሷ አልበላችም። እኔን ግን ማጉረስ ጀመረች፤ አንዱን ሳልውጥ ሌላውን። «ብዪ ሰኒ፣ ምንም አልቀመስሽም እኮ» ትለኛለች። እንዲህ ያለውን ጉርሻ አውቀዋለሁ። ክፉ ወሬ ያለበት ሰው አስቀድሞ ብላ፣ ብላ ይባላል፤ ከሰማ በኋላ እህል አይወርድለትማ። 

ቤት ስንገባ ቤዛ ሶፋ ላይ ነበረች። ምንትዋብ ወደ ጓዳ ጠርታት ትንሽ ቆዩ። ቤዛ ስትወጣ ዓይኗን ከእኔ አሸሸች። «ዋይፋዩ ዳውን ሆኗል፣ አክስቴ። ስልክሽን ቻርጅ ላድርግልሽ?» ብላ ወሰደችው፤ ወስዳ ቀረች። ምንትዋብም የራሷን ስልክ አጥፍታ መሳቢያ ውስጥ ወረወረችው። «ዕረፍቴን ነው የወሰድኩት፤ ማንም እንዲደውልብኝ አልፈልግም» አለች።

ወደ ማታ ሰዎች መጡ። አብዛኞቹን አላውቃቸውም። ስመው እጄን ይዘው ይቆያሉ፤ አይለቁኝም። ከመጡት አንዱ ፓርኪንጉ ላይ ያየኋቸው ሽማግሌ ናቸው፤ ጋሽ ታደለ ይባላሉ። ጡረታ እስኪወጡ ትልቅ ካሚዮን ሲነዱ የኖሩ፣ የሰፈሩ ዕድር ዳኛ። አጠገቤ ተቀመጡና ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «ከመምጣትሽ በፊት የምንትዋብን እናት አግኝተሻቸው ነበር?» አሉኝ።

«አዎ ጋሼ፤ ደህና ናቸው። ማሊያዋን አጥበው ላኩላት።»

«አጥበው ላኩ…» አሉ በለሆሳስ። ቀጥለውም «ያንቺስ እናት?» አሉ።

«እሷ እንኳ ታማለች።»

ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ ድንገት ከፍ ባለ ድምፅ «ላስ ቬጋስ እኔም አብሬያችሁ እሄዳለሁ፤ ተራራውን እኔ እነዳዋለሁ» አሉ። በዕድሜያቸው ኳስ አይተው የማያውቁ ሰውዬ! ሳቅ ይኖራል ብዬ ጠበቅኩ። ማንም አልሳቀም። ምንትዋብ «እግዜር ይስጥልን ጋሼ» አለች፤ እየለመነቻቸው ይመስል ነበር።

ያን ጊዜ ገባኝ። እናቴ ሞታለች። መርዶ በስልክ አይነገርም፤ ሀገር ቤት ያሉት ለዚህኞቹ አደራ ሰጥተዋል፤ እነዚህ ደግሞ ይህን ሁሉ አገር አቋርጣ መጥታለችና ጨዋታው ይለፍላት ብለው ተማክረዋል። ለምን አልጠየቅሽም ትሉኝ ይሆናል። ካልጠየቅኩ እናቴ እስካሁን ተኝታለች፤ ከጠየቅኩ ትሞታለች። ፈራሁ፣ ሌላ ምክንያት የለኝም።

ሐሙስ

ማለዳ ተነሳን። ጋሽ ታደለ መሪውን ያዙ፣ እኔን ከፊት አስቀመጡኝ፣ ምንትዋብ ከኋላ። ከዴንቨር ወደ ምዕራብ ተራራው ወዲያው ይጀምራል፤ በሐምሌ ጫፉ ላይ በረዶ አለ። እኛ ጋ ሐምሌ ማለት ጭቃና ጃንጥላ ነው፤ እዚያ ሰማዩ ደርቆ ጠርቷል። አንድ ረጅም ዋሻ ተራራውን ሰንጥቆ ያልፋል። ዋሻው ውስጥ ሬዲዮው ጸጥ አለ፤ የሦስታችንም ትንፋሽ ይሰማል። ጋሽ ታደለ መንገዱን ያያሉ፣ በመስታወቱ ደግሞ ወደ ኋላ ያያሉ። እኔ ወደ ኋላ ዞር ስል ምንትዋብ እኔን ታያለች። ማን ማንን እንደሚጠብቅ ግራ ገባኝ።

ነዳጅ ልንቀዳ ስንቆም ምንትዋብ ወደ ሱቁ ገባች። ቆረጥኩና «ጋሼ፣ እናቴ ደህና ናት?» አልኳቸው።

ቱቦውን ከመኪናው ነቀሉ። «እናትሽ… ደህና ናቸው ልጄ» አሉ፤ ድምፃቸው ተሰበረ።

አላመንኳቸውም። በእኛ ዘንድ እንዲህ ሲጠየቅ ደህና አይደለችም ያለ ሰው ከመቼ ወዲህ ነው? የሞተችው ሁሉ መርዶው እስኪመጣ ደህና ናት። መኪናው ውስጥ ገብቼ መነጽሬን አደረግኩ።

ዩታ ስንገባ ዛፍ አለቀ። ቀይ ድንጋይ ብቻ፤ ቤት የለም፣ ከብት የለም፣ ለረጅም ሰዓት ነዳጅ ማደያም የለም። ነፋሱ መኪናውን ወደ ጎን ይገፋዋል። ወንዝ ዳር ባለች ትንሽ ከተማ አንድ ዝቅተኛ ማረፊያ አገኘን። ባለቤቷ ሸበቶ ነጭ ሴት ናት፤ ክፍሉን ስትሰጠን በየተራ አየችን፤ ጋሽ ታደለን በጥቁር ኮታቸው፣ ምንትዋብን፣ እኔን።

«ቀብር ነው የምትሄዱት?» አለች በእንግሊዝኛ፣ ቀስ ብላ።

«ኖ፣ ኖ! ባስኬትቦል!» አለች ምንትዋብ።

ሴትየዋ ያመነች አልመሰለኝም። ትንሽ ቆይታ በራችንን አንኳኳችና ትልቅ ሐብሐብ አምጥታ ሰጠችን፤ ቢላዋም ጨምራ። «ተመልሳችሁ ስታልፉም ግቡ፣ ክፍሉን እይዝላችኋለሁ» ብላ ትከሻዬን ዳሰሰችኝ። ያ እጅ አንጀቴን በላው። ሐብሐቡን ከበሩ ውጪ ቆመን በላን። ጋሽ ታደለ የፕላስቲክ ወንበር ስበው በራችን ፊት ተቀመጡ፤ የሚጠብቁት ሌባ የለም፣ ሰውም የለም፣ ግን እስኪመሽ አልተነሱም።

አርብ

ላስ ቬጋስ ጭንቅ ላደረበት ሰው የተሠራች ከተማ አይደለችም። ሙቀቱ በር ሲከፈት ፊትን ይማታል፤ የአፋርን ሐሩር ያየ ብቻ ይገባዋል። ወደ መኝታ ክፍላችን የምንሄደው በቁማር አዳራሽ ውስጥ ነው፤ አዳራሹ መስኮትም ሰዓትም የለውም። ቀን ይሁን ማታ አታውቁም። አሮጊቶች ከማሽን ፊት ተቀምጠው፣ ፊታቸው ሰማያዊ ሆኖ፣ ቁልፍ ይጫናሉ፤ አንዷ ከጀርባዋ እናቴን መሰለችኝና ቆምኩ። ምንትዋብ ክንዴን ይዛ አሳለፈችኝ። የሄድኩበት ሁሉ ክንዴን ትይዛለች። ሻንጣዬን አታሸክመኝም፣ ሂሳብ አታስነካኝም፣ ቀድማ ነቅታ ውሃ ታመጣልኛለች። እንዲህ የሚንከባከቡት ሐዘንተኛን ነው እያልኩ በልቤ አለቅሳለሁ፤ ፊቴን ግን አላሳያትም። ዕድሜ ልኳን የጠበቀችውን ጨዋታ በእኔ ምክንያት ልታጣ አይገባም አልኩ።

ቅዳሜ

እንግዲህ ምክሬ ይኸውና። ውጪው እሳት ቢሆንም ሹራብ ያዙ፤ አዳራሹ ውስጥ ብርድ አለ። ቦርሳ አትያዙ። የእኔ ትልቅ ነው ተብሎ በሩ ላይ ተመለሰ፤ ጋሽ ታደለ ወስደው መኪና ውስጥ አስቀምጠው በላብ ተጠምቀው መጡ። ቀድማችሁ ግቡ፤ ሲያሟሙቁ ማየት ከጨዋታው አይተናነስም። ከሦስት ነጥቡ መስመር ወዲያ ቆመው፣ እየተሳሳቁ፣ እንደ ዋዛ ይወረውራሉ፤ ይገባል። ከላይ መቀመጥ አይክፋችሁ፤ ኳስ አከፋፋይዋ ማንን እንዳየች የሚታየው ከላይ ነው።

ጨዋታው ራሱ ጨዋታ ነው፤ ፍልሚያ አይደለም። ማንም ማንንም አጥብቆ አይከላከልም፤ ኳስ በጀርባቸው ያቀባብላሉ፣ ሲስቱ ይሳሳቃሉ። የድሮው አሰልጣኛችን ቢያይ ፊሽካውን ይውጠው ነበር። ምንትዋብ ሰባት ቁጥሯን ለብሳ ነበር። ጠቧታል፣ ግን ለብሳዋለች። አንዷ ተጫዋች ሳታይ አቀብላ ስታስቆጥር ምንትዋብ «የኔ ናት! የኔ ኳስ ናት!» ብላ ተነስታ ጮኸች። ወዲያው ወደ እኔ ዞራ አፏን ያዘች፤ ፊቷ ላይ ያለው ደስታ እንደ መብራት ጠፋ። ቁጭ አለች።

ገባኝ፤ ስለ እኔ ነው። እሷ ስለ እኔ ደስታዋን ትውጣለች፣ እኔ ስለ እሷ ሐዘኔን እውጣለሁ። ተነሳሁና እጇን ጎትቼ አስነሳኋት። «እማማ በለጡ ትጩህ ብለዋል፤ ጩኺ!» አልኳት።

ጮኸች። ወገቧን ይዛ እስክስታ መታች። እዚያ ካሜራዎቹ ተመልካቹን እያዞሩ ትልቁ ስክሪን ላይ ያወጣሉ፤ ድንገት ከሜዳው በላይ ምንትዋብ ታየች፤ ሰባት ቁጥር፣ ትከሻዋ የሚንቀጠቀጥ፣ ጥርሷ ሁሉ የሚታይ። አዳራሹ አጨበጨበላት። እንደዚያ ያማረችበትን ቀን አላስታውስም። ለጋሽ ታደለ ላሳያቸው ስዞር ፊታቸውን በሁለት እጃቸው ሸፍነዋል።

«ብርዱ ነው» አሉኝ። «ዓይኔን አስለቀሰኝ።»

ማን አሸነፈ? ውጤቱን ከመውጣታችን በፊት ረስቼዋለሁ።

እሑድ

በመጣንበት መንገድ ተመለስን። ቅዳሜ ጨዋታው እንዳለቀ ተነስተን እዚያችው ሴትዮ ጋ አድረን ነበር፤ እንዳለችው ክፍሉን ይዛልን ጠበቀች። ከዚያ ወዲያ ብዙ የምጽፈው የለኝም። አዳራሹ ውስጥ የተዋስነው ሳቅ አልቋል። ጋሽ ታደለ ዋሻውን ስናልፍ አማተቡ። እኔ መንገዱ እንዳያልቅ እጸልይ ነበር። አውሮራ ግን ደረስን፤ ጋራዡ ተከፈተ፣ ዋጠን፣ ተዘጋ። ምንትዋብ ሾርባ ሠርታ ቆማ አበላችኝና አልጋዬን አነጠፈችልኝ።

ሰኞ

ገና ሲነጋጋ የመኪና በሮች ሲዘጉ ሰማሁ። ቀስ ብለው ነው የሚዘጉት፤ አንድ፣ ከዚያ ሌላ፣ ከዚያ ሌላ። ያ ሰው የማይታይበት መንገድ በሰው ተሞልቷል። በመስኮት አየሁ፦ ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ ወንዶቹ በጥቁር ኮት፣ ድምፅ ሳያሰሙ ሣሩ ላይ ቆመዋል።

ምንትዋብ ገባች። ጥቁር ለብሳለች፤ ክንዷ ላይ ሌላ ጥቁር ሻሽና ጥቁር ነጠላ ይዛለች። አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀመጠችና ነጠላውን ትከሻዬ ላይ አደረገችልኝ።

«ሰኒ፣ ጠንክሪ። እኔ አለሁ» አለችኝ።

«አውቄዋለሁ፣ ምንቴ» አልኳት። «ከረቡዕ ጀምሮ አውቄዋለሁ።»

ተቃቅፈን አለቀስን። አንስታኝ ወደ ሳሎን ወጣን። ሳሎኑ ጢም ብሏል። ቤዛ ጥግ ላይ ቆማለች። ምንትዋብ ከኋላዬ ሆና በሁለት እጇ ጥብቅ አድርጋ ያዘችኝ፤ ሰው ሲረዳ እንደሚያዘው፣ ወድቄ እንዳልፈነከት። ጋሽ ታደለ ከሰዉ መሃል ወጡ። ዓይኔን ጨፈንኩ።

«ምንትዋብ ልጄ» አሉ።

«አቤት ጋሼ» አለች ከኋላዬ። «ይናገሩ፣ ይዣታለሁ።»

 ዓይኔን ስገልጥ የሚያዩት እኔን አልነበረም፤ በትከሻዬ ላይ አልፈው እሷን ነበር። እንባቸው ጢማቸው ላይ ይወርዳል።

«የመጣነው ለሰናይት አይደለም» አሉ። «እናትሽ፣ እማማ በለጡ አርፈዋል።»

ኋላ እንደሰማሁት እማማ በለጡ ያረፉት እኔ አውሮፕላን ላይ ሳለሁ ነው፤ ከገበያ ሲመለሱ፣ በድንገት። ያን ረቡዕ ፓርኪንጉ ላይ ምንትዋብ ሽማግሌዎቹን ስትደርስባቸው «መርዶ ነው አይደል? ለእንግዳዬ ነው? እናቷ?» ብላ ጠየቀች። ጋሽ ታደለ አዎ አላሉም፤ አይደለም ማለት ግን አቃታቸው። ዝምታቸውን አዎ ብላ ወሰደችው፤ እሳቸውም ጨዋታው ይለፍላት ብለው እንዳሰበችው ተዉላት። ከዚያ ለእኔ ብላ ዋይፋዩን የነቀለችው፣ ስልኳን መሳቢያ ውስጥ የወረወረችው፣ ጥቁሩን የገዛችው ራሷ ናት።

ያን ቅጽበት የተሰማኝን አልደብቅም። ደስታ ነው። እናቴ አለች! ለአንድ ትንፋሽ ያህል እዚያ ሳሎን ውስጥ እንደ እኔ ደስ ያለው ሰው አልነበረም። ከዚያ ከኋላዬ የያዙኝ እጆች ሲላሉ ተሰማኝ።

ዞርኩ። ምንትዋብ እጆቿን እንደ ዘረጋች ቀርታለች፤ ገና እኔን የያዘች ይመስላታል። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የለውም።  ጥቁሩን ነጠላ ከትከሻዬ አውልቄ አለበስኳት፤ ወገቧን ደረቴ ላይ አጥብቄ ያዝኩ። ያን ጊዜ ጩኸቷ ወጣ። ሴቶቹ ሊደግፏት እየተጋፉ መጡ።

«ተዉኝ» አልኳቸው። «ይዣታለሁ።»